ሁለቱ ጎረቤታሞች በላንጋኖ ዳር

ከአዲስ አበባ ተነሥቶ ሞጆንና መቂን፣ ኋላም ዝዋይን አልፎ ሁለት መቶ ኪሎ ሜትር ያህል ከተጓዘ በኋላ ወደ ላንጋኖ ዳር የሚወርድ መንገደኛን አስቀድሞ የሚያስደንቀው የውኃው ቀለም ነው፤ ሐይቅ ሁሉ ሰማያዊ ነው ብሎ የጠበቀ ዓይን ወተት ጠብ ያለበት ሻይ የመሰለ ውኃ ከፊቱ ተዘርግቶ ሲያይ፣ ዝናብ አደፍርሶት ይሆናል ብሎ እስኪጠራ ይጠብቃል። ውኃው ግን አይጠራም፤ ጠባዩ ነው። ቢልሃርዝያ የለበትም ተብሎ ስለሚታመን ከስምጥ ሸለቆ ሐይቆች መካከል ዋናተኛ ይበልጥ የሚደፍረው ይህንኑ ድፍርስ ሐይቅ በመሆኑ፣ የበቀለ ሞላ ሆቴል በዳርቻው ከተሠራበት ዘመን አንሥቶ፣ በዙሪያው ከብቱን የሚያሰማራው አርሲ ከባሕር ማዶ የመጣውን ሰው በመዋኛ ልብስ ለማየት ከብዙው የአገራችን ገጠሬ የቀደመ ነው።

በዚሁ ዳር አንድ የሰንበት ከሰዓት በኋላ፣ በግራር ጥላ ሥር ጋቢያቸውን ተከናንበው የተቀመጡ ሽማግሌ ዘበኛ አግኝቼ፣ «አባባ፣ ከእነዚህ ከሚዋኙት ሰዎች ካናዳዊው የትኛው፣ አሜሪካዊው የትኛው እንደ ሆነ ይለያሉ?» ብዬ ጠየቅኋቸው። በትራቸውን ከአንዱ ጉልበታቸው ወደ ሌላው አዛውረው ጥቂት ካሰቡ በኋላ፣ «እኔ የማውቀው ሁለት ዓይነት ፈረንጅ ነው፤ ቢራ የሚጠጣና ቢራ የማይጠጣ። የሚጠጣው የሆቴሉ ነው፣ የማይጠጣው የሚሲዮኑ» ብለው መለሱልኝ።

የሽማግሌው አከፋፈል ላንጋኖ ዳር ለሚውል ሰው በቂ መሆኑን አልክድም፤ ነገር ግን ያኛው ልዩነት፣ ማለት ካናዳዊ መሆንና አሜሪካዊ መሆን፣ አንድ ጊዜ በአገራችን ዕጣ ላይ ሁለት ጊዜም በትምህርታችን ላይ የወደቀ ጉዳይ ስለ ሆነ፣ ታሪኩን ከመነሻው ማውሳት ይገባል።

የሁለቱ ሕዝቦች ነገር የወንድማማቾች ክፍፍል ይመስላል። እ.ኤ.አ. በ1776 አሥራ ሦስቱ ግዛቶች በእንግሊዝ ንጉሥ ላይ በተነሡ ጊዜ፣ ለዘውዱ ታማኝ ሆነው የቀሩት ቤታቸውንና እርሻቸውን ጥለው ወደ ሰሜን ተሰደዱ፤ እዚያም አስቀድሞ በሴንት ሎሬንስ ወንዝ ዳር የሰፈረውን ፈረንሳይኛ ተናጋሪና ካቶሊካዊ ሕዝብ አገኙ። ካናዳ የተወለደችው እንግዲህ አሜሪካዊ አንሆንም ካሉ ሁለት ወገኖች ነው፤ አንደኛው ስለ ንጉሡ፣ ሁለተኛው ስለ ቋንቋውና ስለ ሃይማኖቱ። እ.ኤ.አ. በ1812 ጦርነት ተማዘዙ፤ አንዱ የሌላውን ከተማ አቃጠለ። ሰላም ባደረጉ በጥቂት ዓመት ውስጥ ግን እ.ኤ.አ. በ1817 በሚካፈሏቸው ታላላቅ ሐይቆች ላይ በጣት ከሚቆጠሩ ትንንሽ ጀልባዎች በቀር የጦር መርከብ እንዳይንሳፈፍ ተዋዋሉ፤ ያም ውል ጸንቶ ኖሯል። ከዚያ ወዲህ የካናዳ ፖለቲካ ሁሉ አንድ ጥያቄ አለበት፤ ይኸውም ከዚህ ከታላቁ ጎረቤት ሳይጣሉም ሳይዋጡም እንዴት ይኖራል የሚል ነው።

ይህ ጥያቄ ኢትዮጵያን የነካት በክፉ ቀን ነበር። የፋሺስት ጦር መስከረም 22 ቀን 1928 ዓ.ም. መረብን ከተሻገረ ልክ በወሩ፣ ጥቅምት 22 ቀን፣ በጄኔቭ በመንግሥታት ማኅበር የካናዳ መልእክተኛ የነበሩት ዋልተር ሪደል ተነሥተው በኢጣልያ ላይ በሚጣለው ማዕቀብ ውስጥ ነዳጅ ዘይት፣ የድንጋይ ከሰል፣ ብረትና አረብ ብረት እንዲገቡ ሐሳብ አቀረቡ። የሞሶሊኒ ታንክና አውሮፕላን የሚጠጣው ነዳጅ ከውጭ የሚገዛ ነበርና፣ ይህ ሐሳብ ተፈጽሞ ቢሆን በማይጨው የሆነው ምናልባት ባልሆነ ነበር የሚሉ ጸሐፊዎች ጥቂት አይደሉም። «የካናዳ ሐሳብ» የሚለው ስም በዓለም ጋዜጦች ሲናኝ፣ በኦታዋ ገና ሥልጣን የያዘው የማኬንዚ ኪንግ መንግሥት ደነገጠ፤ በኅዳር ጽዮን ሰሞንም መልእክተኛው የተናገሩት የራሳቸውን አሳብ እንጂ የመንግሥታቸውን አይደለም ብሎ በአደባባይ ካዳቸው።

ስለ ምን ካዳቸው? ምክንያቱ ሁለት ነው፣ ሁለቱም ከላይ ካወሳነው የካናዳ አወላለድ የሚመነጩ ናቸው። አሜሪካ የጄኔቭ ማኅበር አባል ስላልነበረች ነጋዴዎቿ ለኢጣልያ ዘይት ከመሸጥ በሕግ አልተከለከሉም፤ በዚያው በኅዳር መጀመሪያ ከዋሽንግተን ጋር አዲስ የንግድ ውል የተፈራረመችው ካናዳ ደግሞ ታላቁ ጎረቤት ባልገባበት ነገር ቀዳሚ ሆና መታየትን ፈራች። ሁለተኛው ምክንያት የኩቤክ ካቶሊካውያን ናቸው፤ ልባቸው ወደ ሮማ ያዘነበለ ነበርና ከኢጣልያ ጋር የሚያጣላ ነገር እንዲደረግ አልወደዱም፤ ክህደቱን ለጋዜጦች ያስታወቁት ሚኒስትር ኤርነስት ላፖይንትም የኩቤክ ሰው ነበሩ። እንግዲህ የስምጥ ሸለቆን አርበኛ ለመርዝ ጢስና ለአውሮፕላን ቦምብ አጋልጠው ከሰጡት መካከል፣ ከሞንትሪያል ቤተ ክርስቲያን ደጃፍ የሚነሣ ሹክሹክታም አንዱ ነበረ ማለት ነው። ይህን አንባቢ ልብ እንዲለው እለምናለሁ፤ ወደ ኩቤክ ገና እንመለሳለንና።

ነፃነት ከተመለሰ በኋላ ግርማዊ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ የተያዙት በነፃ አውጪዎቻቸው ነበር። በ1934 ዓ.ም. ከእንግሊዝ ጋር የተፈረመው ውል እጅግ ከባድ፣ በ1937 ዓ.ም. የተተካውም ከእርሱ የቀለለ ቢሆን ገና የሚጫን ነበርና፣ ንጉሠ ነገሥቱ እንግሊዝ ያልሆነ ወዳጅ ፍለጋ ዓይናቸውን ወደ ምዕራብ አቀኑ። ለገንዘቡ አሜሪካዊውን ጆርጅ ብላወርስን የመንግሥት ባንክ ገዥ አድርገው ሾሙ፤ ለአውሮፕላኑ ከአሜሪካው ቲ ደብሊው ኤ ኩባንያ ጋር ተዋዋሉ፤ በየካቲት 1937 ዓ.ም. ከፕሬዚዳንት ሩዝቬልት ጋር በስዊዝ ቦይ በመርከብ ላይ ተገናኙ። ለትምህርት ቤቱ ግን አሜሪካዊ አልጠሩም። እ.ኤ.አ. በ1945 ለተፈሪ መኰንን ትምህርት ቤት ያስመጧቸው የኩቤክ ኢየሱሳውያን ነበሩ፤ አለቃቸውም ዶክተር ሉሲየን ማት ይባሉ ነበር።

የዚህን ምርጫ ጥበብ ላስተዋለው ሰው እንደ ቅኔ ሰምና ወርቅ አለው። ፈረንሳይኛ ይናገራሉ፣ ፈረንሳውያን አይደሉም፤ ንጉሠ ነገሥቱ በልጅነታቸው በሐረር ከካቶሊካውያን መምህራን ፈረንሳይኛ የተማሩ ናቸውና ከእነርሱ ጋር ያለ አስተርጓሚ ይነጋገራሉ። እንግሊዝኛም ያውቃሉ፣ እንግሊዞች ግን አይደሉም። ከአሜሪካ ምድር የመጡ ናቸው፣ አሜሪካውያን ግን አይደሉም፤ መንግሥታቸውም በአፍሪቃ አንዲት ጋሻ መሬት የለውም። ነገር ግን ኢየሱሳውያን ናቸው! በዐፄ ሱስንዮስ ዘመን በእነዚሁ በማኅበረ ኢየሱስ መነኮሳት ምክንያት የፈሰሰውን ደም፣ ዐፄ ፋሲለደስም እንዴት እንዳስወጧቸው የማያስታውስ የቤተ ክርስቲያን ሊቅ በአዲስ አበባ አልነበረም። ስለዚህ ስለ ሃይማኖት እንዳይሰብኩ፣ ቀሚሰ ካህናቱንም ትተው እንደ ማንኛውም መምህር በሸሚዝና በከረቫት እንዲገኙ ሆነ። ቃላቸውን ጠበቁ፤ ተማሪው ሒሳብና ላቲን ቀመስ እንግሊዝኛ፣ ከሁሉም በላይ በሰዓቱ መገኘትን ከእነርሱ ተማረ እንጂ ሃይማኖቱን አልለወጠም። በ1943 ዓ.ም. በአራት ኪሎ የአዲስ አበባ የዩኒቨርሲቲ ኮሌጅ ሲከፈት የመጀመሪያው ፕሬዚዳንት እኒሁ ዶክተር ማት ሆኑ። በ1928 ዓ.ም. ዝም በሉ ካለችው ከዚያችው ከኩቤክ፣ ከነፃነት በኋላ የኢትዮጵያ የከፍተኛ ትምህርት አባት ወጣ።

እዚህ ላይ ከመንገዴ ጥቂት ልውጣ። በናዝሬት፣ በዛሬዋ አዳማ፣ የዐፄ ገላውዴዎስ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ነበረ። ዐፄ ገላውዴዎስ ማለት ከማኅበረ ኢየሱስ ለመጣው ካህን የተዋሕዶን እምነት በጽሑፍ ገልጠው መልስ የሰጡት ንጉሥ ናቸው። ከአራት ኪሎ ኮሌጅ ተመርቆ በእኒህ ንጉሥ ስም በተጠራ ትምህርት ቤት ጥቁር ሰሌዳ ፊት የቆመ ወጣት መምህር፣ እርሱ ራሱ የኢየሱሳውያን ተማሪ መሆኑን አስቦ ፈገግ ብሎ ይሆን?

አሁን ልዩነቱ በትምህርታችን ላይ ሁለተኛ ጊዜ ወደ ወደቀበት ነገር እንለፍ። ዶክተር ማት ኮሌጁን አሥር ዓመት ያህል ከመሩ በኋላ፣ አገሪቱ ኮሌጆቿን ሁሉ አዋሕዳ አንድ ዩኒቨርሲቲ ለመመሥረት ባሰበች ጊዜ፣ ገንዘቡም ጥናቱም ከአሜሪካ መጣ። የዩታ ዩኒቨርሲቲ ጠበብት ጉዳዩን መረመሩ፤ በታኅሣሥ 1954 ዓ.ም. የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዩኒቨርሲቲ በገነተ ልዑል ቤተ መንግሥት ሲመረቅ የፕሬዚዳንቱን ወንበር በተጠባባቂነት የያዙት የዩታው ሰው ሃሮልድ ቤንትሊ ነበሩ፤ ከእርሳቸውም በኋላ ልጅ ካሣ ወልደ ማርያም ተተኩ። ሴሚስተርና ክሬዲት የሚሉት ቃላት በተማሪው አፍ ያደሩት በዚህ ጊዜ ነው። ካናዳዊው የተጠራው አሜሪካዊ ስላልሆነ ነበር፤ የተተካውም አሜሪካዊ ስላልሆነ፣ ማለት የአሜሪካ ገንዘብ ስላልነበረው ነው።

በሚሲዮኑ ሠፈር ግን፣ ሽማግሌው ዘበኛ ቢራ የማይጠጣው ባሉት ወገን ዘንድ፣ የሁለቱ አገር ሰዎች ወሰን ጨርሶ የተደመሰሰ ነበር። የሱዳን ኢንቲሪየር ሚሲዮንን እ.ኤ.አ. በ1893 የመሠረቱት ሦስት ወጣቶች፣ ሁለቱ ከካናዳ፣ አንዱ ከአሜሪካ ናቸው፤ ዋና ጽሕፈት ቤቱም ለረጅም ዘመን በቶሮንቶ ሲኖር ቆይቶ በመጨረሻ ወደ አሜሪካ ተዛወረ። በ1920 ዓ.ም. ወደ አዲስ አበባ ገብተው ወደ ደቡብ የወረዱትን የዚህን ሚሲዮን ሰዎች የመሩት ዶክተር ቶማስ ላምቢ አሜሪካዊ ነበሩ፤ ከጦርነቱ ጥቂት ቀደም ብለው ግን ዜግነታቸውን ትተው የኢትዮጵያ ተገዥ ሆኑ፣ የቀይ መስቀል ማኅበራችንም ጸሐፊ ሆነው ሠሩ። ጠላት አዲስ አበባን ሲይዝ ደግሞ ለአዲሱ ገዥ የሚስማማ ቃል በመስጠታቸው፣ ከነፃነት በኋላ ወደ ኢትዮጵያ መመለስ ተከለከሉ። ሰው ሦስት ጌታ ሲያፈራርቅ እንዲህ ነው። ካናዳውያኑ በበኩላቸው እስከ 1939 ዓ.ም. ድረስ የራሳቸው የዜግነት ሕግ ስላልነበራቸው በእንግሊዝ ንጉሥ ተገዥነት ይመጡ ነበርና፣ ካናዳዊ የሚለውን ስም ሕዝባችን ሳያውቀው መቅረቱ አያስገርምም።

ይህ ሚሲዮን በሻሸመኔ የሥጋ ደዌ ሕሙማን ሆስፒታል፣ በላንጋኖ ክሊኒክና የወጣቶች ማረፊያ ሠራ፤ በናዝሬት የኃይለ ማርያም ማሞ መታሰቢያ ሆስፒታልን ያቆሙት ግን የአሜሪካ ሜኖናውያን ናቸው። በ1955 ዓ.ም. መባቻ ደግሞ ከ270 በላይ የሰላም ጓድ መምህራን በአንድ ጊዜ ከአሜሪካ ሲመጡ፣ ናዝሬትን ጨምሮ በየጠቅላይ ግዛቱ ከተሞች ተበተኑ፤ አሜሪካዊ መምህር በስምጥ ሸለቆ ከተማ ብርቅ መሆኑ ያን ጊዜ ቀረ።

የሁለቱን ወገኖች ልዩነት በቅርብ ያወቀው ኢትዮጵያዊ ምናልባት ወጥ ቤቱ ነው። ካናዳውያን የምስጋና በዓላቸውን የሚያከብሩት በእነርሱ ኦክቶበር በሁለተኛው ሰኞ፣ ማለት መስቀል ዐልፎ በቢሾፍቱ በሆራ አርሰዲ የኦሮሞ ሕዝብ እርጥብ ሣር ይዞ ለፈጣሪው ምስጋና ባቀረበ ሰሞን ነው። አሜሪካውያን ግን በኖቬምበር አራተኛው ሐሙስ ያከብሩታልና፣ በዓሉ ከእኛ ኅዳር 12 እስከ 19 ባለው ጊዜ ይውላል፤ ጾመ ነቢያት የሚገባው ኅዳር 15 ቀን ነው። ስለዚህ በአንድ ግቢ ለሁለቱም የሚያበስል የተዋሕዶ ልጅ፣ የካናዳውያኑን ዶሮ ቀምሶ ጨው ሲያስተካክል፣ የአሜሪካውያኑን ግን ብዙውን ጊዜ በማሽተት ብቻ ገምቶ ያቀርባል።

በሚያዝያ 1969 ዓ.ም. ወታደራዊው መንግሥት የአሜሪካን የጦርና የማስታወቂያ መሥሪያ ቤቶች ሲዘጋ፣ ፈረንጅ ሁሉ አሜሪካዊ ይመስለን በነበረው በእኛ ዓይን ሳይሆን በመንግሥት መዝገብ ካናዳዊውና አሜሪካዊው ተለዩ፤ የካናዳ ኤምባሲ በአዲስ አበባ እንደ ቆመ ቀረ። በ1977 ዓ.ም. ረኃብ ጊዜ የአሜሪካ መንግሥት እህል አብዝቶ ሲልክ ለልማት ግን ሳንቲም አልሰጥም ሲል፣ የካናዳው የውጭ ጉዳይ ሚኒስትር ጆ ክላርክ ራሳቸው መጥተው አዩ። በዚያው ዘመን በአሜሪካ መኖሪያ የተከለከለ ብዙ ወገናችን በቡፋሎ በኩል ወደ ካናዳ ተሻግሮ ጥገኝነት አገኘ፤ እ.ኤ.አ. ከ2004 መጨረሻ ጀምሮ ግን ሁለቱ መንግሥታት በውል ያን በር አጠበቡት።

የዶክተር ማት ተማሪዎች ዛሬ ጥቂት ናቸው። በየቤቱ ሣጥን ውስጥ፣ በላንጋኖ አሸዋ ላይ ከነጭ መምህራን ጋር ቆመው የተነሡት ጥቁርና ነጭ ፎቶግራፍ ግን ሞልቷል። እንዲህ ያለ ፎቶግራፍ ያላችሁ ሁሉ፣ የሚያስታውሰው ሰው በሕይወት ሳለ፣ ከጀርባው ላይ የእያንዳንዱን ስም፣ ከስሙም ቀጥሎ ከየት አገር እንደ መጣ ጻፉበት።