የምርኮኛ ማስታወሻ እንደ ታሪክ ምንጭ፦ የፊላደልፊያ መርከብ ሰዎች

የታሪክ ትምህርት ስናስተምር ከተማሪዎች ዘንድ ደጋግመን የምንሰማው አንድ ክርክር አለ። «ሰውየው ራሱ እዚያው ነበር፤ በዓይኑ ያየውን ነው የጻፈው፤ ታዲያ እንዴት አይታመንም?» ይሉናል። ክርክሩ ቀላል አይደለም። በመምህራን ማሠልጠኛ ውስጥ ይህንኑ ስናስረዳ የምንጠቀምበት ምሳሌ ከሩቅ አገር የተገኘ ቢሆንም፣ ጉዳዩን ጥርት አድርጎ የሚያሳይ ስለሆነ ለባልደረቦቻችንና ለተማሪዎቻቸው ለማካፈል ወደድን። (ከዚህ በታች የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

አሜሪካኖች ከእንግሊዝ አገዛዝ ለመላቀቅ ከ1775 እስከ 1783 ባካሄዱት ጦርነት ብዙ ወታደሮችና መርከበኞች ተማርከው ነበር። ከእስር ከወጡ በኋላ የደረሰባቸውን የጻፉም ጥቂት አይደሉም። ኢታን አለን የተባለው የጦር መሪ በ1775 ሞንትሪያል አጠገብ ተማረከ፤ መጽሐፉን ያሳተመው ደግሞ ጦርነቱ ገና ሳያልቅ በ1779 ነው። ስለዚህ ጽሑፉ ማስታወሻ ብቻ ሳይሆን የወገንን ልብ ለማነሣሣት የታሰበ ቅስቀሳም ነበር። ቶማስ ድሪንግ ግን ኒው ዮርክ አጠገብ ለእስር ቤትነት ታገለግል በነበረችው ጀርሲ በምትባል አሮጌ መርከብ ላይ በ1782 ታስሮ፣ ያየውን በጽሑፍ ያሰፈረው በ1824፣ ማለትም ከ42 ዓመት በኋላ ነው። የመጀመሪያው ትኩስ ቁጣ፣ ሁለተኛው የሽማግሌ ትዝታ ነው። ሁለቱም «እዚያው ነበሩ»።

ይሁንና አለንና ድሪንግ የተያዙት በተለያየ ቦታና ጊዜ ስለሆነ ጎን ለጎን አስቀምጦ ለማመዛዘን አይመቹም። ለዚህ የሚሻለው ነጻነት ከተገኘ ከሃያ ዓመት በኋላ በሰሜን አፍሪካ የሆነው ነው።

ዩናይትድ ስቴትስ በዚያን ጊዜ ከትሪፖሊው ገዥ ከዩሱፍ ካራማንሊ ፓሻ ጋር ጦርነት ላይ ነበረች። ጥቅምት 31 ቀን 1803 ፊላደልፊያ የተባለችው የጦር መርከብ አንዲት የትሪፖሊ መርከብ ስታሳድድ ከወደቡ አቅራቢያ ከባሕር በታች ካለ ቋጥኝ ላይ ወጥታ ቀረች። መርከቧን ለማቅለል መድፎቹ ወደ ባሕር ተጣሉ፤ የፊተኛው ምሰሶም ተቆረጠ፤ ሆኖም ፈቀቅ አላለችም። አዛዡ ዊልያም ቤይንብሪጅ እጁን ሰጠ። 307 ሰዎች ተማረኩ፤ እስከ ሰኔ 1805 ድረስም በትሪፖሊ ቆዩ።

ከእነዚህ ሰዎች መካከል ሁለቱ መጽሐፍ አሳትመዋል። ጆናታን ካውደሪ የመርከቧ ረዳት ሐኪም ሲሆን የዕለት ማስታወሻው በ1806 ቦስተን ላይ ታተመ። ዊልያም ሬይ ደግሞ ተራ ወታደር ነበር። በወጣትነቱ አስተማሪ ሆኖ ሠርቷል (የሙያ ባልደረባችን መሆኑ ነው)፤ ከዚያም ሱቅ ከፍቶ ከሰረ፤ ሲቸግረው ለባሕር ኃይሉ ወታደርነት ተመዘገበ። የእሱ መጽሐፍ በ1808 ትሮይ በተባለች ከተማ ወጣ፤ ርእሱም ስለ ባርነት አሰቃቂነት የሚናገር ነው።

ሁለቱን ያነበበ ሰው ስለ አንድ ምርኮ የተጻፉ መሆናቸውን ይጠራጠራል። መኮንኖቹ ቀድሞ የአሜሪካ ቆንሲል ይኖርበት በነበረው ቤት ተቀመጡ። የዴንማርክ ቆንሲል ኒሰን በሚያስፈልጋቸው ሁሉ ይረዳቸው ነበር። ካውደሪም የፓሻውን ልጅ አክሞ ስላዳነ ተወደደ፤ ከተማውን እየዞረ ያይ፣ የፓሻውን የአትክልት ቦታዎች ይጎበኝ ነበር። የሬይ መጽሐፍ የሚተርከው ግን ሌላ ነው። ተራዎቹ ሰዎች በዚያ ብርድ ወራት ራቁታቸውን ሊሆኑ ምንም ሳይቀራቸው እስከ ብብታቸው ባሕር ውስጥ እየገቡ፣ ከሰጠመች አሮጌ መርከብ ላይ አሸዋ ዝቀው በቅርጫት ወደ ዳር ያወጡ ነበር። ድንጋይ ይጎትታሉ፤ ያጠፋ እግሮቹ ወደ ላይ ታስረው፣ ልክ እኛ ወፌ ላላ እንደምንለው፣ ውስጥ እግሩን ይገረፋል። ሬይ የሐኪሙን ማስታወሻ በገዛ መጽሐፉ ውስጥ እየጠቀሰ ይሞግታል፤ ሰውየው ያላየውን ወይም ሊያይ ያልፈለገውን እያነሣ ይወቅሰዋል።

እዚህ ላይ ተማሪዎች ቶሎ ይፈርዳሉ፤ «ሬይ እውነተኛ፣ ካውደሪ ውሸታም» ብለው ይደመድማሉ። እኛ ግን ይህን አንቀበልም። ሐኪሙ ያላየውን አልፈጠረም፤ የተኛበት ቤትና የሄደበት መንገድ ዓይኑን ወስነውታል። ሬይም ቢሆን ለመኮንኖቹ የነበረው ምሬት ከምርኮው በፊት የጀመረ ነው፤ መጽሐፉ በአሜሪካ መርከብ ላይ ስለሚፈጸመው ግርፋትና ንቀት አጥብቆ ይናገራል። ጭካኔ የትሪፖሊ ሰዎች ብቻ አይደለም ይላል። ይህን ማለቱ በዚያ ዘመን ድፍረት የሚጠይቅ ነበር፤ ሆኖም ብሶተኛ ሰው የሚጽፈው በብሶቱ ብርሃን መሆኑን መርሳት አይገባም።

ለክፍል ውይይት ከሁሉ የሚሻለው ግን ከካውደሪ ማስታወሻ የሚገኝ አንድ ነገር ነው። በ1804 የአሜሪካ መርከቦች ከተማዋን በመድፍ ሲደበድቡ ከትሪፖሊ ወገን የቆሰለ ሰው ለሕክምና መጣለት። እሱም ከአንዷ በቀር ጣቶቹን በደነዘ ቢላዋ እንደቆረጠና ቁስሉንም ሆን ብሎ በዝርክርክ አያያዝ እንዳሠረ ይነግረናል፤ ምክንያቱም በዚያ አገር ያለው የሐኪምነት ስሙ እንዲበላሽና ዳግመኛ እንዳይጠራ ፈልጎ ነው። ይህን ማን ጠየቀው? ማንም አላየውም፤ ማንም አልከሰሰውም። እኛ እንደምንገምተው፣ በፓሻው ቤት የተወደደ ሐኪም ወደ አገሩ ሲመለስ «ጠላትን ያገለገልክ» እንዳይባል አስቀድሞ መልስ እያዘጋጀ ነበር። ዛሬ የሚያስነቅፈውን ያን ጊዜ እንደ መከላከያ አቀረበው። ለማን እንደጻፈ ካላወቅን ለምን እንደጻፈ አናውቅም።

«ባርነት» የሚለውም ቃል ሊጤን ይገባል። የሬይ አንባቢዎች በነጭ ሰው ላይ የደረሰውን ባርነት እያነበቡ ሲያዝኑ፣ በ1800 በተደረገው ቆጠራ በገዛ አገራቸው ከ890 ሺህ በላይ ጥቁር ባሮች ነበሩ። የፊላደልፊያ ሰዎች ግን ከአሥራ ዘጠኝ ወር በኋላ በውል ተለቀቁ፤ ልውውጡ ሲታሰብ የትሪፖሊ ምርኮኞች ቁጥር አነስተኛ ስለነበር አሜሪካ 60,000 ዶላር ጨምራ ከፈለች።

ከምርኮኞቹ መካከል አምስቱ በትሪፖሊ ሳሉ ሰልመው ነበር። ሬይ እንደሚተርከው ፓሻው የነጻነቱ ቀን ሲደርስ ጠርቶ ወደ አገራቸው መመለስ ይወዱ እንደሆነ ጠየቃቸው። አንዱ «እዚሁ እቀራለሁ» አለ። አራቱ መመለስ እንፈልጋለን አሉ፤ ወዲያውም ወታደሮች ከበው ከከተማ አውጥተው ወሰዷቸው። አምስቱም መጽሐፍ አልጻፉም። ስለ አራቱ መጨረሻ በእጃችን ያለው፣ ሲወሰዱ አየሁ የሚለው የሬይ ጥቂት መስመር ነው።