ፊልም ማቀናበርና የፊልም ባለቤትነት፤ የፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማ ሥራ

የአንድ ሕዝብ ታሪክ በቃል ሲነገር ባለቤቱ ተናጋሪው ራሱ ነው፤ በፊልም ሲነገር ግን ተናጋሪው፣ ቀራጩና አከፋፋዩ ልዩ ልዩ ሰዎች ይሆናሉ። ከተቀረጸው ሥዕል የሚቀረውንና የሚጣለውን የሚለየው አቀናባሪ የታሪኩ ሁለተኛ ተራኪ ነው ማለት ይቻላል። ይሁን እንጂ ገንዘቡና አዳራሹ በሌላ እጅ ከሆኑ ሥልጣኑ ከሥራ ጠረጴዛው አያልፍም። ኃይሌ ገሪማ ከአቀናባሪነት ሌላ አዘጋጅም አከፋፋይም የሆኑበት ታሪክ ይህን ያስረዳል።

ኃይሌ እ.ኤ.አ. በ1946 በጎንደር ተወለዱ። አባታቸው ገሪማ ታፈረ «ጎንደሬ በጋሻው» የተባለውን መጽሐፍ የጻፉ ደራሲ ነበሩ። ልጃቸው በ1967 ወደ አሜሪካ ሄደው በቺካጎ ተውኔት፣ በኋላም በሎስ አንጀለስ በካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ የፊልም ሥራ ተማሩ። ከ1975 ጀምሮ በዋሽንግተን በሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ለብዙ ዓመታት አስተምረዋል።

ዘውዱ በወደቀበት በ1974 በኢትዮጵያ የቀረጹት «ምርት ሦስት ሺ ዓመት» የጭሰኛውንና የባለርስቱን ኑሮ በአማርኛ ያሳያል። በ1979 ስለ ዊልሚንግተን አሥር እስረኞች፣ በ1985 ስለ ባለቅኔው ስተርሊንግ ብራውን ዘጋቢ ፊልሞች ሠሩ። በዚሁ መካከል፣ በ1982፣ ከባለቤታቸው ከሺሪኪያና አይና ጋር የፊልም ማከፋፈያ ድርጅት አቋቋሙ።

የዚህ ድርጅት ጥቅም በ1993 ታየ። ስለ ባርነት የሚናገረውን «ሳንኮፋ»ን ኃይሌ ራሳቸው ጽፈው፣ መርተውና አቀናብረው በበርሊን የፊልም በዓል አቀረቡት፤ የአሜሪካ አከፋፋዮች ግን አልተቀበሉትም። ስለዚህ አዳራሽ እየተከራዩ፣ የጥቁሮችን ማኅበረሰብ እየጠሩ፣ ከከተማ ወደ ከተማ አሳዩት። ተመልካቹም በብዛት መጣ። ፊልሙ ሳይቆረጥና ሳይለወጥ ለሕዝብ የደረሰው ባለቤቱ ሠሪው በመሆኑ ነው።

በ1999 የወጣው «ዓድዋ» ለባህል ጥናት ይበልጥ የቀረበ ነው። የ1896ቱን ድል የሚያስረዳው በሽማግሌዎች ቃል፣ በዜማና በሥዕል ነው፤ ከአባት ለልጅ ሲተላለፍ የኖረው ትውፊት እዚህ ከጽሑፍ ማስረጃ ጋር እኩል ምስክር ሆኖ ይቆማል።

ነጻነቱ ግን ያለ ዋጋ አልተገኘም። ከ«ሳንኮፋ» እስከ ቀጣዩ የትወና ፊልማቸው «ጤዛ» 15 ዓመት አለፈ። «ጤዛ» በ2008 በቬኒስ የዳኞችን ልዩ ሽልማት፣ በ2009 በዋጋዱጉ ታላቁን ሽልማት አገኘ። እንግዲህ የፊልም ባለቤትነት ሥራን ያዘገያል፤ ነገር ግን የተራኪውን ቃል ከባዕድ መቀስ ይጠብቃል።