ስለ ኬፕ አሸዋና ስለ ግራር ዋግ



ዋግ በስንዴ ላይ የሚያደርሰውን ጥፋት የማያውቅ ኢትዮጵያዊ የለም። ዛሬ የምናወሳላችሁ ግን አንድ መንግሥት ከባሕር ማዶ ፈልጎ፥ አስመርምሮ፥ በገዛ ፈቃዱ ወደ አገሩ ስላስገባው ዋግ ነው። ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር መሆናቸውን አስቀድመን እናስታውቃለን።

የነገሩ መነሻ አሸዋ ነው። ኬፕ ታውንን ከደቡብ አፍሪካ መሐል አገር የሚለየው ሜዳ ነፋስ ወደ ወደደው የሚነዳው አሸዋ የሞላበት ነበረና ሠረገላ እየሰጠመ መንገደኛውን ያሠቃይ ነበር። በ1840ዎቹ ዓመታት የእንግሊዝ ቅኝ ግዛት ጸሐፊ የነበረው ጆን ሞንታጉ በዚህ ሜዳ ላይ ጠንካራ መንገድ አሠራ። መንገዱ ግን አሸዋው ካልተያዘ አይዘልቅም፤ ስለዚህ ከአውስትራሊያ የመጡ የግራር ዘሮች በሜዳው ይዘሩ ጀመር። ከነዚህም አንዱ ሊቃውንቱ አካሲያ ሳሊግና የሚሉት ነው። ሕዝቡ ፖርት ጃክሰን ብሎ ጠራው፤ ፖርት ጃክሰን ግን የሲድኒ ወደብ ሲሆን፥ የዛፉ ትውልድ አገር ደግሞ በዚያው ክፍለ ዓለም በሌላው ዳርቻ፥ በምዕራብ ነው። አንድ ጊዜ በመዝገብ የገባ ስሕተት ምን ያህል ዕድሜ እንዳለው የቢሮ ሰዎች ሳታውቁት አትቀሩም።

ዛፉ የታዘዘውን ፈጸመ፤ አሸዋውን ያዘ። ነገር ግን በዚያ አላቆመም። ቢቆርጡት ከጉቶው ያቆጠቁጣል፤ ቢያቃጥሉት በአፈር ውስጥ ለብዙ ዓመት የተኛው ዘሩ በእሳቱ ሙቀት ነቅቶ እንደ ሣር ይበቅላል። ፌይንቦስ የተባለውን፥ በዚያ ምድር እንጂ በሌላ የማይገኘውን የቁጥቋጦ አገርም እየዋጠ ሄደ። መጥረቢያና እሳት ለማይመልሱት ጠላት ምን ይደረግለታል?

መልሱ የተገኘው ከዛፉ አገር ነው። በአውስትራሊያ የግራር ቅርንጫፍን እያሳበጠ ቡናማ እባጭ የሚያበቅል ዋግ አለ። ዳንኤል ማክአልፓይን የተባለው ሊቅ በ1905 ዓመተ ምሕረት ዩሮሚክላዲየም ለተባለው ወገን ስም አወጣለት። የስንዴው ግንድ ዋግ ዕድሜውን ለመፈጸም ሁለት ዓይነት ተክል ይሻል፤ ይህ ግን ሕይወቱን ሁሉ በአንድ ግራር ላይ ይጨርሳል። ከአንዱ የግራር ዓይነት የተወሰደው ዋግ ሌላውን ዓይነት እምብዛም አይዝም። የኬፕ ተመራማሪዎች ተስፋ ያደረጉት በዚህ ጠባዩ ላይ ነበር። የተለቀቀ ዋግ ተመልሶ አይሰበሰብም፤ የፈራሚው እጅ ሳይንቀጠቀጥ አልቀረም ብንል አንሳሳትም። ማይክ ሞሪስ የተባለው የዕፅዋት በሽታ ሊቅ ከዚያው ከሳሊግና ላይ የተወሰደውን ዋግ መረመረ፤ ከ1987 ጀምሮም በኬፕ ተለቀቀ።

አንዳንዱ እባጭ ከአንድ ኪሎ በላይ ይመዝናል። ዛፉ ምግቡንና ውሃውን ለእባጩ ሲገብር ይከሳል፤ የበጋው ድርቅ ሲመጣም ይሞታል። ሞሪስ በ1997 ባሳተመው ጥናት፥ በተከታተላቸው ስፍራዎች የዛፉ ብዛት ከመቶ ዘጠና ያህል መቀነሱን ገለጠ። ዛፉ ፈጽሞ አልጠፋም፤ በአፈር ውስጥ የተከማቸው ዘር ከእሳት በኋላ ይነሣልና። በ2001 ደግሞ ዘሩን የሚበላ ነቀዝ ከአውስትራሊያ መጥቶ ለዋጉ ረዳት ሆነ። በ2018 ሊቃውንት አንድ ሲመስላቸው የነበረውን ዋግ ብዙ ዓይነት አድርገው ሲለያዩት፥ ኬፕ የገባው በሞሪስ ስም ተጠራ።

ነገሩ ወደ እኛም አገር ይደርሳል። በአዊ፥ በፋግታ ለኮማ፥ ገበሬው ዲከረንስ የተባለውን የአውስትራሊያ ግራር ከእህሉ ጋር ተክሎ፥ በጥቂት ዓመት ቆርጦ ከሰል እያከሰለ ኑሮውን ሲያሻሽል ቆይቷል። ከ2020 ወዲህ ግን የዚሁ ዋግ ዘመድ የሆነ ሌላ ዋግ፥ እባጭ ሳያበቅል ቅጠሉን እያጣመመና እያደረቀ፥ በማሳው ገባ። የኬፑን ዋግ መንግሥት መርምሮ አስገብቶታል፤ የአዊውን ግን ማንም አልጠራውም፤ የሚያጠቃውም ዛፍ ገበሬው ልጁን የሚያስተምርበት ነው።