ጣውላውና የምናቡ ጀግና

በኤዶ ዘመን ጃፓን ከእንጨት ጣውላ የሚታተመው ሥዕል የከተማው ተራ ነዋሪ በትንሽ ገንዘብ ገዝቶ የሚደሰትበት እንጂ በቤተ መዘክር የሚከበር ጌጥ አልነበረም። ኡታጋዋ ኩኒዮሺ እ.ኤ.አ. ከ1827 ጀምሮ ያወጣቸው ንቅሳታም ሽፍቶች ዝናን ያተረፉለት በዚሁ ገበያ ነው። ሽፍቶቹ የተወሰዱት ጃፓኖች «ሱይኮደን» ከሚሉት የቻይና ልብ ወለድ ሲሆን፣ ይኸው ስም በ1995 ለአንድ የቪዲዮ ጨዋታ መጠሪያ ሆኗል።

ሥዕሉ ግን የአንድ እጅ ሥራ አልነበረም። ሠዓሊው ይነድፋል፤ ቀራጺው ንድፉን በቼሪ እንጨት ላይ ይቀርጻል፤ አታሚው ለየቀለሙ በተዘጋጀው ጣውላ ላይ ወረቀቱን እያሳረፈ ጀርባውን ያሻል። ስሙ የገነነው ሠዓሊው ነው፤ የሁለቱ ስም እምብዛም አይነሣም።

በ2006 የወጣው «ኦካሚ» የተባለው ጨዋታ የፀሐይ አምላኳን አማተራሱን በነጭ ተኩላ አምሳል፣ ጥንታዊውን ሥዕል በሚያስታውስ መስመር አቀረበ። ውበቱ አይካድም፤ ይሁን እንጂ የወሰደው መልኩን ብቻ ነው፤ ለቀራጺው ቢላዋ ያስገኘለት ሥራ የለም።

በ2012 አሜሪካዊው ሠዓሊ ጄድ ሄንሪ የጨዋታ ጀግኖችን በዚያው ስልት ነድፎ፣ ከካናዳ መጥቶ በቶኪዮ ለሚሠራው ቀራጺ ለዴቪድ ቡል አስረከበ። ጨዋታ ወዳዶች በኢንተርኔት ከ300 ሺህ የአሜሪካ ዶላር በላይ አዋጡ። ከሁለት ዓመት በኋላም ቡል በአሳኩሳ ሠፈር ሱቅ ከፍቶ ወጣት አታሚዎችን ያሠለጥን ጀመር።