የልጅቱ ቃል፤ በአርሲ ደጋ ስለ ጋብቻ ፈቃድ

በበቆጂና በዙሪያዋ ባለው የአርሲ ደጋ አንዲት ሙሽራ ከወላጆቿ ቤት ስትወጣ እናቷ ሲንቄ የሚባለውን ቀጭን በትር ትሰጣታለች። በትሩ ባል ቢበድላት የአገሩን ሴቶች ጠርታ መብቷን የምታስከብርበት ምልክት ነው። ባሏ ማን ይሁን የሚለው ጉዳይ ግን፣ አብዛኛውን ጊዜ፣ ሲንቄው ከእጇ ከመግባቱ አስቀድሞ በአባቶች መካከል ያለቀ ነበር።

ይሁን እንጂ ባህሉ ራሱ መውጫ በር ጨርሶ አልዘጋባትም። ወላጆች በሽማግሌ ከሚፈጽሙት ጋብቻ ሌላ፣ ልጅቱ ከወደደችው ሰው ጋር ተስማምታ የምትኮበልልበት «ሀወታ»፣ እንዲሁም በገዛ እግሯ ሄዳ ከመረጠችው ሰው ቤት የምትገባበት «አሴና» የታወቁ ናቸው። ከዚያ በኋላ የወንዱ ወገን ሽማግሌ ይልካል፤ ከብት ይቆጠራል፤ ቀስ በቀስም ቁጣው ይበርዳል። ከእነዚህ ጎን ለጎን ደግሞ «ቡቲ» የተባለው የኃይል ጠለፋ አለ። የተቆጣ አባት ግን ወዳ የሄደችውንም ተጎትታ የተወሰደችውንም «ተጠለፈችብኝ» በሚል በአንድ ቃል ይከስሳል። የዳኛው ችግር የሚጀምረው ከዚህ ላይ ነው።

የጽሑፍ ሕጋችን በነገሩ ዝም አላለም። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ መታጨትን በሁለት ቤተሰቦች መካከል የሚደረግ ውል ቢያደርገውም፣ ጋብቻውን ያቆመው ተጋቢዎቹ ራሳቸው በሚሰጡት ፈቃድ ላይ ነበር። ታዲያ ያው ሕግ አካለ መጠን መድረሻውን 18 ዓመት ብሎ ሳለ፣ ሴት ልጅ በ15 ዓመቷ እንድታገባ ፈቀደ። በእኔ አስተያየት የነገሩ ሁሉ ቋጠሮ ይህ ነው። ለአዋቂ የተሰጠ የመምረጥ መብት፣ አዋቂ ከመሆኗ በፊት ለተዳረች ልጅ ምን ይፈይዳል? የአሥራ አምስት ዓመት ልጅ በአባቷና በሽማግሎች ፊት ቆማ «እሺ» ስትል ፈቃዱ የማን እንደሆነ ለመገመት ሕግ መማር አያሻም። በ1949 ዓ.ም. የወጣው የወንጀለኛ መቅጫ ሕግም ጠላፊው የጠለፋትን በሕግ ካገባ ክሱ እንዲቀር ማድረጉ ነገሩን አባሰው፤ ሽማግሌ አስታርቆ ካጋባ ዓቃቤ ሕግ እጁን ይሰበስብ ነበርና።

በ1980ዎቹ መገባደጃ ከዚሁ ከአርሲ፣ ከትምህርት ቤት ስትመለስ የተጠለፈች የ14 ዓመት ልጅ ጠላፊዋን በጥይት ገድላ ለፍርድ ቀረበች። የኢትዮጵያ ሴቶች የሕግ ባለሙያዎች ማኅበር ጠበቃ ቆመላት፤ ፍርድ ቤቱም ራሷን ስትከላከል ያደረገችው ነው በማለት በነፃ አሰናበታት።

በ1987 ዓ.ም. የጸደቀው ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 34 ጋብቻን በተጋቢዎች ነፃና ሙሉ ፈቃድ ላይ ብቻ መሠረተ። የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ በ1992 ዓ.ም. ለሁለቱም ፆታ የጋብቻውን ዕድሜ 18 አደረገ፤ በቆጂ የምትመራበት የኦሮሚያ የቤተሰብ ሕግም በ1995 ዓ.ም. ይህንኑ ደነገገ። በ1997 ዓ.ም. ሥራ ላይ የዋለው የወንጀል ሕግ ደግሞ ከጠለፋ በኋላ የሚፈጸም ጋብቻ ጠላፊውን ከቅጣት እንደማያድነው ቁርጡን ተናገረ።

እንግዲህ ዛሬ ወላጅ ጋብቻን መቃወም አይችልም ማለት አይደለም። ልጄ ዕድሜዋ አልደረሰም፣ ሥጋ ዝምድና አላቸው ብሎ መቃወሚያ ማቅረብ ይችላል። «ድሀ ነው፣ ወገኑ አይታወቅም፣ ሃይማኖቱ ሌላ ነው» የሚለው ግን ቢያሳዝነውም ቢያስቆጣውም ከመዝገብ የሚገባ ምክንያት አይደለም። አባትን አክብሮ መምከርና ማስመከር ሌላ፣ በአባት ፈቃድ መታሰር ሌላ ነው።

የሚቀረው ማስረጃ ነው። የኮበለለችው ልጅ 18 ሞልቷታል ወይስ አልሞላትም? የልደት ምዝገባ ባልነበረበት ገጠር የአባት ምስክርነትና የሐኪም ግምት እየተፋለሙ ነበር የሚታየው። በአዋጅ ቁጥር 760/2004 የተደነገገው የወሳኝ ኩነት ምዝገባ በአገር አቀፍ ደረጃ ሥራ የጀመረው በ2008 ዓ.ም. መጨረሻ ነው፤ በዚያን ጊዜ ተወልደው የተመዘገቡት የበቆጂ ሴቶች ልጆች 18 ዓመት የሚሞላቸው በ2026 ዓ.ም. ገደማ ይሆናል። እስከዚያው ድረስ ዳኛው አባቱን ከችሎት ውጪ አስቆይቶ ልጅቱን ብቻዋን ቢጠይቃት ሳይሻል አይቀርም።