ጠያቂው ተጠያቂ ሲሆን

አማርኛ እስረኛን ለማየት የሚሄደውን ሰው «ጠያቂ» ይለዋል። የታመመ ይጠየቃል፣ ሐዘን የገባው ይጠየቃል፣ የታሰረም ይጠየቃል። ጥያቄው የሚሻው ደኅንነትን ነው፤ «እንዴት ሰነበትክ? ምን ጎደለህ?» የሚል። በአገራችን ጠያቂ ስንቁን ቋጥሮ ከደጅ ይደርሳል፣ መታወቂያውን ያሳያል፣ ይፈተሻል። ከዚያ በኋላ ግን ዝምድናውን የሚመሰክርለት ስሙ ተጠርቶ የሚወጣው እስረኛ ነው። የማቴዎስ ወንጌል በምዕራፍ 25 የታሰረን መጠየቅ የተራበን ከማብላትና የታረዘን ከማልበስ ጋር ስለሚቆጥረው፣ ልማዱ በክርስቲያኑ ዘንድ የጽድቅ ሥራ ሆኖ ኖሯል። በ1987 ዓ.ም. የጸደቀው ሕገ መንግሥትም በአንቀጽ 21 በጥበቃ ሥር ያለ ሰው ከትዳር ጓደኛው፣ ከቅርብ ዘመዶቹ፣ ከጓደኞቹ፣ ከሃይማኖት አማካሪው፣ ከሐኪሙና ከጠበቃው ጋር የመገናኘት መብት እንዳለው ደንግጓል። ድንጋጌው ሁልጊዜ ተከብሯል ማለት አይደለም፤ መብቱ ግን የተጻፈው በእስረኛው ስም ነው።

በዩናይትድ ስቴትስ የታሰረ ዘመዱን በኢንተርኔት ለማነጋገር የሚፈልግ ሰው ዛሬ ብዙ ጊዜ የሚቆመው ከሌላ ዓይነት ደጅ ነው። መንጃ ፈቃዱን ወይም ፓስፖርቱን ፎቶ አንሥቶ ይልካል፤ ፊቱን ለስልኩ ካሜራ ያሳያል፤ አድራሻውን፣ የትውልድ ቀኑንና ከእስረኛው ጋር ያለውን ዝምድና ይሞላል፤ ከዚያም እስኪፈቀድለት ይጠብቃል። ጠያቂው ተጠያቂ ሆኗል። ብዙዎች ይህን የቴክኖሎጂ ውጤት አድርገው ያዩታል። ታሪኩ ሲመረመር ግን ቴክኖሎጂው የመጨረሻው ምዕራፍ እንጂ መነሻው አይደለም። ወደ 200 ዓመት በሚጠጋ ጊዜ ውስጥ የአሜሪካ ወህኒ ቤት በሩን በከፈተ ቁጥር ማስረጃ የማቅረቡን ሸክም ከእስረኛው እያነሣ በቤተሰቡ ላይ ጭኗል። ይህ ጽሑፍ የሚከራከረው ማንነት መጣራት የለበትም ብሎ አይደለም። የሚከራከረው ማጣራቱ ከተነሣበት ጥያቄ አልፎ ሄዷል ብሎ ነው። ከዚህ በታች ያሉት ዓመታት፣ ዓ.ም. ካልተባለ በቀር፣ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።

መነሻው የተዘጋ በር ነበር። በ1829 በፊላደልፊያ ከተማ የተከፈተው ኢስተርን ስቴት ወህኒ ቤት እስረኛ ብቻውን ሆኖ ቢያስብ ይጸጸታል በሚል እምነት የተሠራ ነው። እያንዳንዱ እስረኛ በየክፍሉ ለብቻው ይቀመጣል፤ ከክፍሉ ሲወጣ ማንንም እንዳያይና ማንም እንዳያውቀው ፊቱ በጨርቅ ይሸፈናል። በመጀመሪያዎቹ ዓመታት ከቤተሰብ ደብዳቤም ሆነ ጉብኝት አልተፈቀደም። ይሁን እንጂ በሩ ለሁሉም የተዘጋ አልነበረም። ፈረንሳዊው አሌክሲ ደ ቶክቪል በ1831 ገብቶ እስረኞችን አነጋግሯል፤ እንግሊዛዊው ደራሲ ቻርልስ ዲከንስ በ1842 ጎብኝቶ ብቸኝነቱን አጥብቆ ነቅፏል። ከባሕር ማዶ የመጣ እንግዳ የሚገባበት ቤት እናትን ከውጭ አስቀርቷል ማለት ነው። ሥርዓቱ በይፋ የቀረው በ1913 ነው፤ አንድ ሐሳብ ግን ትቶ አለፈ። ይኸውም ቤተሰብ ለእስረኛው መታረም አጋዥ ከመሆኑ በፊት አስጊ ነው የሚለው ሐሳብ ነው። በኋላ የመጡት ደንቦች በሩን እያሰፉ ሲሄዱ ይህን ጥርጣሬ ይዘው ነው የሄዱት።

ደብዳቤና ጉብኝት ቀስ በቀስ ሲፈቀዱ ክርክሩ ወደ ፍርድ ቤት ገባ። የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በ1974 «ፕሮኩኒየር እና ማርቲኔዝ» በተባለው ጉዳይ የካሊፎርኒያን የደብዳቤ ሳንሱር ደንብ ሲሽር ለዛሬው ነገራችን መሠረት የሚሆን ምክንያት ሰጠ፤ ደብዳቤ ሲታገድ የሚነካው የእስረኛው መብት ብቻ ሳይሆን በውጭ ያለው የነፃው ሰው መብትም ጭምር ነው አለ። ጠያቂም ባለመብት ነው ማለት ነው። ይህ በር ግን ብዙ አልቆየም። ፍርድ ቤቱ በ1987 የወህኒ ቤት ደንብ ከጸጥታ ዓላማ ጋር ምክንያታዊ ግንኙነት ካለው ይበቃዋል የሚል መለኪያ አቆመ፤ በ1989 ደግሞ የ1974ቱን ጥብቅ መለኪያ ከእስር ቤት በሚወጡ ደብዳቤዎች ላይ ብቻ ወሰነው። በ2003 የሚሺጋንን የጉብኝት ደንብ አጸና። በዚያ ደንብ መሠረት እስረኛን ሊጎበኙ የሚችሉት ሕፃናት ልጆቹ፣ የእንጀራ ልጆቹ፣ የልጅ ልጆቹና ወንድም እህቶቹ ብቻ ነበሩ፤ የወንድምና የእህት ልጆች ቀሩ። የአክስትና የአጎት ልጅ «ወንድሜ» በሚባልበት፣ የእህትን ልጅ «ልጄ» ብሎ ማሳደግ በተለመደበት ባህል ላደገ ሰው ይህ መስመር እንግዳ ነው። ዝምድና በወረቀት የሚለካ ነገር ሆነ።

ስልክ ሲመጣ በሸክሙ ላይ ዋጋ ተጨመረ። የመገናኘቱን ሥራ የግል ኩባንያዎች ያዙት፤ ሒሳቡን የሚከፍለው ባብዛኛው በውጭ ያለው ቤተሰብ ሆነ። ማርታ ራይት የተባሉት የዋሽንግተን ዲሲ አያት በ2000 ከሌሎች ቤተሰቦች ጋር ክስ የመሠረቱት በዚህ ምክንያት ነው። ዓይነ ስውር ስለነበሩ ከታሰረው የልጅ ልጃቸው ጋር በደብዳቤ መጻጻፍ አይችሉም፤ የቀራቸው ስልክ ብቻ ነበር። በ2003 አቤቱታቸው ለፌዴራል ኮሙኒኬሽን ኮሚሽን ቀረበ፤ ኮሚሽኑ ከክፍለ ግዛት ወደ ክፍለ ግዛት ለሚደረግ ጥሪ የዋጋ ጣሪያ ያወጣው ከ10 ዓመት በኋላ፣ በ2013 ነው። እርሳቸው በ2015 አረፉ፤ ስለ እስር ቤት ጥሪ ዋጋ በስማቸው የተሰየመው ሕግ በጥር 2023 ተፈረመ። ጉዳዩ ለእኛ ሰዎች ሩቅ አይደለም። የዲሲ እስረኞች ይታሰሩበት የነበረው የሎርተን ወህኒ ቤት በ2001 ከተዘጋ ወዲህ የዋና ከተማዋ ፍርደኞች በመላ አገሪቱ ባሉ የፌዴራል ወህኒ ቤቶች ተበትነዋል። ዲሲና አካባቢዋ ደግሞ ከኢትዮጵያ ውጭ ብዙ ኢትዮጵያውያን ተሰባስበው ከሚኖሩባቸው ቦታዎች አንዱ ነው።

በኢንተርኔት መገናኘት ሲጀመር ሁለት መንገዶች ነበሩ፤ ልዩነታቸውም የክርክሬ ዋና ማስረጃ ነው። የፌዴራል ወህኒ ቤቶች እስከ 2011 መጀመሪያ ድረስ በሁሉም ተቋሞቻቸው በዘረጉት የጽሑፍ መልእክት አገልግሎት የሚጀምረው እስረኛው ነው። የሚፈልገውን ሰው አድራሻ ያስመዘግባል፤ በውጭ ላለው ሰው መለያ ቁጥር ይላክለታል፤ ቁጥሩን አስገብቶ ፈቃደኝነቱን ሲገልጽ መስመሩ ይከፈታል። መልእክቱ ከ13,000 ፊደል አይበልጥም፣ ምስል አይያያዝበትም፣ ሊነበብም ይችላል፤ ሁለቱም ይህን አውቀው ይጽፋሉ። እዚህ ላይ የጠያቂውን ማንነት የሚመሰክረው፣ እንደ አገራችን ልማድ፣ እስረኛው ነው። በብዙ የካውንቲ እስር ቤቶች የተስፋፋው የቪዲዮ ጥሪ ግን መታወቂያና የፊት ፎቶ ጠየቀ። አብሮትም ሌላ ነገር መጣ፤ ፕሪዝን ፖሊሲ ኢኒሺየቲቭ የተባለው የጥናት ድርጅት በ2015 መጀመሪያ እንዳሳተመው፣ የቪዲዮ ጥሪን ከጀመሩ የካውንቲ እስር ቤቶች 74 በመቶው በአካል መጎብኘትን አስቀርተዋል። ፔንሲልቬኒያም በ2018 ለእስረኞቿ የሚላኩ ደብዳቤዎች ፍሎሪዳ ወዳለ ኩባንያ ሄደው ቅጂያቸው ብቻ እንዲደርስ አደረገች። በ2020 የኮሮና ወረርሽኝ በየአገሩ የጉብኝት በሮችን ሲዘጋ ስክሪኑ ለብዙ ቤተሰብ ብቸኛው መንገድ ሆነ። ሌሎቹ በሮች ሲዘጉ የቀረው በር ላይ ያለው ጥያቄ እንደ ምርጫ የሚታይ ነገር አይደለም።

በዚህ ክርክር ላይ የሚነሣው የመጀመሪያው ተቃውሞ የጸጥታ ነው፤ ቀላልም አይደለም። በሌላ ሰው ስም ገብቶ ምስክርን ማስፈራራት፣ የተበደለን ሰው ማስጨነቅ፣ ሕፃንን ማነጋገር ይቻላል። የእስረኛውን ዘመድ መስሎ፣ አታልሎ ገንዘብ የሚወስድም ይኖራል። ስለዚህ «ከካሜራው ፊት ያለው ማን ነው?» ብሎ መጠየቅ ተገቢ ነው፤ እስረኛውንም ይጠብቀዋል። ነገር ግን ለዚህ ጥያቄ መልስ ከተገኘ በኋላ የፊቱ ምስልና የመታወቂያው ቅጂ የት ይቀመጣል? ለስንት ጊዜ? ማን ያየዋል? ዘ ኢንተርሴፕት የተባለው የዜና አውታር በኅዳር 2015 እንደዘገበው፣ ሴኪዩረስ ከተባለው ታላቅ የእስር ቤት ስልክ ኩባንያ ከ70 ሚሊዮን በላይ የጥሪ መዝገቦች አፈትልከው ወጥተዋል፤ ከነዚህም ቢያንስ 14,000ዎቹ ከጠበቃ ጋር የተደረጉ ንግግሮች ነበሩ። በ2018 ደግሞ ኒው ዮርክ ታይምስ የዚሁ ኩባንያ አገልግሎት የሰዎች የሞባይል ስልክ ያለበትን ቦታ ያለ ፍርድ ቤት ትእዛዝ ለመከታተል መዋሉን ጻፈ። በጸጥታ ስም የተሰበሰበ መረጃ ራሱ ጥበቃ የሚያስፈልገው ንብረት ይሆናል። ንብረቱ ደግሞ የተሰበሰበው ምንም ወንጀል ካልሠሩ ሰዎች ጭምር ነው።

ሁለተኛው ተቃውሞ «መታወቂያ የሌለው ማን አለ? ንጹሕ ሰው ምን ይጎዳል?» የሚል ነው። ይህ ሰው ሁሉ በአንድ ዓይነት መንገድ እንደሚጠራ አድርጎ ከማሰብ የሚመጣ ነው። በእኛ ስም አወጣጥ እናትና ልጅ የጋራ የቤተሰብ ስም የላቸውም፤ ልጁ በአባቱ፣ እናቲቱ በአባቷ ትጠራለች። ባልና ሚስትም እንዲሁ። የቤተሰብ ስም ተመሳስሎ ካላገኘ ዝምድናን የሚጠራጠር መዝጋቢ ፊት ይህ ሁሉ ማብራሪያ የሚሻ ነው። አንድ «ኃይሉ» በላቲን ፊደል በሁለትና በሦስት መንገድ ይጻፋል፤ በፓስፖርቱ አንድ፣ በመንጃ ፈቃዱ ሌላ ሊሆን ይችላል። የትውልድ ዘመን ከኢትዮጵያ አቆጣጠር ሲመለስ የ7 ወይም የ8 ዓመት ልዩነት አለው፤ በአንዱ ወረቀት ካልተመለሰ ሁለቱ ሰነዶች የሁለት ሰዎች ይመስላሉ። እነዚህ ሰዎች የሚደብቁት ነገር የላቸውም። ማሽኑ «አይመሳሰልም» ሲል ግን ለአንዲት እንግሊዝኛ ለማታነብ እናት ትርጉሙ «ልጅሽን አታነጋግሪም» ነው። የመኖሪያ ፈቃዱ ያላለቀለት ስደተኛ ደግሞ መታወቂያውን ከመላኩ በፊት ወዴት እንደሚሄድ ያስባል፤ ብዙ ጊዜም ዝምታን ይመርጣል።

ሦስተኛው ተቃውሞ መገናኘት ስጦታ እንጂ መብት አይደለም፣ እስራት ቅጣት ነውና ይጨከንበት የሚል ነው። ቅጣቱ ግን የተፈረደው በእስረኛው ላይ ነው፤ እናቱ ላይ ዳኛ አልፈረደም። የተባበሩት መንግሥታት ጠቅላላ ጉባኤ በ2015 ያጸደቃቸው የኔልሰን ማንዴላ ደንቦች በ58ኛው ደንብ እስረኛ ከቤተሰቡና ከጓደኞቹ ጋር በየጊዜው በደብዳቤ፣ ባለበትም በኤሌክትሮኒክ መንገድ፣ እንዲሁም በጉብኝት እንዲገናኝ ይላሉ። ጥቅሙም ለኅብረተሰቡ ነው። የሚኒሶታ ማረሚያ ቤቶች መሥሪያ ቤት በ2011 ያወጣው ጥናት ከ2003 እስከ 2007 የተፈቱ 16,420 ሰዎችን መርምሮ፣ የተጠየቁት እንደገና በከባድ ወንጀል የመፈረዳቸው ዕድል በ13 በመቶ እንደሚቀንስ አግኝቷል። እንግዲህ ጠያቂን የሚያርቅ አሠራር ጸጥታን አያጠነክርም። ዋጋንም በሚመለከት ኮነቲከት በ2021 ባወጣችው ሕግ የእስር ቤት ጥሪን በነፃ አድርጋለች፤ ካሊፎርኒያና ሚኒሶታም ተከትለዋታል። ገንዘቡን ከቤተሰቡ ጫንቃ ማውረድ ከተቻለ የማስረጃውን ሸክም ማቅለልም ይቻላል።

ፍርዴ ይህ ነው። ማንነትን ማጣራት የሚጸናው ሦስት ነገር ሲያሟላ ነው፤ ከእስረኛው ቃል ሲጀምር፣ የተሰበሰበው መረጃ ጥያቄው ከተመለሰ በኋላ ሲጠፋ፣ ማሽኑ ያልተቀበለው ሰው ደግሞ የወረቀት ደብዳቤና የአካል ጉብኝት ሳይዘጋበት ሲቀር። በውጭ ያላችሁ አብያተ ክርስቲያናት፣ መስጊዶችና የመረዳጃ ማኅበራት በዚህ ድርሻ አላችሁ። አዛውንቶች ሲመዘገቡ አጠገባቸው ሁኑ፤ ስማቸው በሰነዶቻቸው ሁሉ በአንድ አጻጻፍ እንዲሰፍር እርዱ፤ የስም አወጣጣችንን የሚያስረዳ ደብዳቤ ለእስር ቤቱ ጻፉላቸው፤ የክፍለ ግዛታችሁን ሕግ አውጪዎችም መረጃው ስንት ጊዜ እንደሚቀመጥ ጠይቁ። ምዝገባው አልሳካ ያላችሁ ቤተሰቦች ደግሞ መልሱ እስኪመጣ ብዕር አንሡና ጻፉ። የታሰረው ሰው የሚጠብቀው ጠያቂውን ነው።