ርካሿ ዲጂታል ካሜራ

እ.ኤ.አ. በ1995 ሶኒ ቪኤክስ1000 የተባለውን ካሜራ ይዞ ሲመጣ ሚኒ ዲቪ የተሰኘችው ትንሽ ካሴትም አብራ መጣች። የቴፑ ስፋት 6.35 ሚሊ ሜትር ብቻ ነው፤ የምስሉ ጥራት ግን የወቅቱን የቪኤችኤስ ካሴት ጥሎት ሄደ። ችግሩ ዋጋው ነበር። ካሜራው የባለሙያ እንጂ የቤተሰብ አልነበረም።

ኪሱ የሳሳ ሰው ተራ የደረሰው በ1999 ነው። ሶኒ ዲጂታል 8 ባለው ስልቱ አዲሱን ዲጂታል ምስል በአሮጌው የ8 ሚሊ ሜትር ካሴት ላይ መቅዳት ጀመረ። ቴፑ ፈጥኖ ስለሚሮጥ፣ በእኛ አገር ይሠራበት በነበረው የፓል የቴሌቪዥን ሥርዓት 90 ደቂቃ የተባለው ካሴት የሚይዘው 60 ደቂቃ ብቻ ነው። ቢሆንም ካሴቱ ያኔ እንደ ልብ ይገኝ ነበር፤ ብዙዎቹ ሞዴሎችም የድሮውን ቀረጻ ያጫውታሉ። ለእኔ ይህ የዘመኑ ብልህ ቁጠባ ነው።

ነገሩን የለወጠው ግን ከካሜራው ይልቅ ፋየርዋየር የተባለው ቀጭን ገመድ ነው። በቪኤችኤስ ጊዜ የሠርግ ካሴት ለዘመድ ሲባዛ፣ የቅጂ ቅጂ ላይ ሲደርስ የሙሽራዋ ፊት ይደበዝዝ፣ የከንፈሯ ቀለም ወደ ጉንጯ ይፈስ ነበር። በዚህ ገመድ ግን ቴፑ ላይ ያለው እንዳለ ወደ ኮምፒዩተር ይገባል። ታዲያ ኮምፒዩተሩ የት ያስቀምጠው? የአንድ ሰዓት ቀረጻ 13 ጊጋባይት ገደማ ይወስዳል፤ አፕል በዚያው ዓመት ለቤት ቪዲዮ ብሎ ያወጣው አይማክ ዲቪ ደግሞ ሃርድ ዲስኩ 10 ጊጋባይት ነበር።

ርካሹ ካሜራ ጉድለት አልጠፋውም። ምስል የምትቀበል አንዲት ትንሽ ቺፕ ብቻ ስላለችው አመሻሽ ላይ ምስሉ አሸዋ የተበተነበት ይመስላል። ማይክሮፎኑ ለሞተሩ ቅርብ ስለሆነ የቴፑ እዝዝታም ከምርቃቱ ጋር አብሮ ይቀረጻል። ከአሜሪካ በስጦታ የመጣ ካሜራ ደግሞ ኤንቲኤስሲ በተባለው ሥርዓት የሚሠራ ነው፤ ፓል ብቻ የሚያውቅ ቴሌቪዥን ላይ ሲሰካ ምስሉ ቀለም ያጣል ወይም ይንከባለላል።

ተከትለው የመጡት ሁሉ የተሻሉ አልነበሩም። በትንንሽ ዲቪዲ ላይ የሚቀዱትን ጨርሶ አልወድላቸውም፤ ዲስኩ በጥሩ ጥራት 30 ደቂቃ ያህል ይይዛል፣ በካሜራው ካልተዘጋ ደግሞ አብዛኛው ማጫወቻ አያነበውም። ፍሊፕ የተባለችው የኪስ ካሜራ ግን ገበያውን አንቀጠቀጠች። ሲስኮ በ2009 አምራቿን በ590 ሚሊዮን ዶላር ገዛ፣ በ2011 ዘጋት። ቪዲዮ የሚቀርጸው ስልክ ያኔ ሁሉም እጅ እየገባ ነበር።

ቤትዎ ከአልጋ ሥር የዲጂታል 8 ወይም የሚኒ ዲቪ ካሴት ካለ፣ ዲጂታል ነውና አይበላሽም ብለው አይዘናጉ፤ ቴፕ ምንጊዜም ቴፕ ነው፣ ያረጃል፣ ይሻግታል። አሮጌውን ካሜራም አይጣሉት፤ ያን ካሴት የሚያነበው እሱ ነው። ገመዱንና ሶኬቱ ያለው ኮምፒዩተር ፈልገው፣ ሞተሩ ሳይደክም ዛሬውኑ ይገልብጡት።